ዳቦ ጋጋሪውና ፍየሉ፣ የማን ስም እንደተጻፈበት

የበደለችኝ ሊያ ናት። ጊዜው በፈረንጆች 2011 ጸደይ፣ ቦታው ፍራንክፈርት ኦስትሃፈን፣ ወንዙ ዳር ያለው የፊልም ማደሻ ቤታችን ስብሰባ ክፍል ነው። አለቃችን ፍራው (ወይዘሮ) ኬለርና የፊልሙ ባለቤት ፍራው ብራንት እዚያው ተቀምጠው ነበር። ሊያ አፏን ከመክፈቷ በፊት ፊልሙ የእኔ ነበር። ተናግራ ስትጨርስ የእሷ ሆነ።

የሥራ ዘመኔን ትዝታ እንድጽፍ ስጠየቅ ጥሩ ጥሩውን ብቻ እንድጽፍ የመከሩኝ ሰዎች አሉ። ጥሩ ጥሩውን የሚጽፉ ሌሎች ሞልተዋል። እኔ የምጽፈው አሮጌ ፊልም በእጃቸው ለሚጠግኑና ይህን ሥራ ለሚጀምሩ ነው።

ሥራውን የጀመርኩት በ2005 መኸር ነው። ከዚያ በፊት በአንድ የፊልም ማጠቢያ ቤት ኔጋቲቭ ቆራጭ ነበርኩ። ለትምህርት መጥቼ፣ አገር ቤት መመለስ የማይታሰብበት ዘመን ሲሆን እዚሁ ቀርቼ፣ ያገኘሁትን ሥራ የያዝኩ ሰው ነኝ። ፊልም በኮምፒውተር መቆረጥ ሲጀምር ማጠቢያ ቤቱ ተዘጋ። ሃምሳን ያለፈች ሴት ለመቅጠር ማንም አልተሽቀዳደመም። ኬለር ቀጠረችኝ፤ ይህን አልክድም።

የመጀመሪያው ቀን ኬለር አንድ የዛገ ቆርቆሮ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

«ይክፈቱትና ምን እንደሚሸትዎ ይንገሩኝ» አለችኝ።

ከፈትኩት። «ወታደር ከዘመቻ ተመልሶ ያወለቀው ካልሲ ይሸታል» አልኳት።

ሳቀች። «እንዲያ ከሸተተ ናይትሬት ነው፤ መበስበስ ጀምሯል። ጓንት ያድርጉ። ከዛሬ ጀምሮ እዚህ ቤት ውስጥ ክብሪት የሚባል ነገር የለም።»

ናይትሬት የድሮው ፊልም የሚሠራበት ነገር ነው። በቀላሉ ይነዳል፣ ሲያረጅ ይጠባል፣ ሲበሰብስ እንደ ማር ይጣበቃል። የእኔ ሥራ ጥቅሉን ማጠንጠኛው ላይ ቀስ ብዬ መተርተር፣ የማሽኑ ጥርስ የሚይዘውን፣ የተቀደደውን የጠርዝ ቀዳዳ አንድ በአንድ መጠገን፣ የተበጠሰውን በሙጫ መቀጠል፣ ከዚያ ለስካነሩ ማስረከብ ነበር። ቀዳዳዎቹ ካልተጠገኑ ፊልሙ ማሽኑ ውስጥ ይዘላል ወይም ይበጠሳል። በጥሩ ሁኔታ የተጠገነ ፊልም ሲታይ ማንም ጥገናውን አያየውም። ሙያው ይኸው ነው፤ ካልታየህ ጎበዝ ነህ።

በቤቱ ሁለት ማዕረግ አለ። ቴክኒሸኑ ፊልሙን ይጠግናል። ሬስታውራቶሩ ፊልሙ ምን ይመስል እንደነበር ይወስናል። የታደሰ ፊልም ሲታይ ከመጀመሪያው ምስል በፊት አንድ ጽሑፍ ይመጣል፤ የመክፈቻ ካርድ እንለዋለን። እዚያ ላይ የሚጻፈው የሬስታውራቶሩ ስም ነው። እኔ ቴክኒሸን ነበርኩ። በእጄ ያለፉ ፊልሞች በብዙ ከተማ ታይተዋል። አንዱም ላይ ስሜ የለም።

ኬለር እኔን በአባቴ ስም «ፍራው ተሰማ» እያለች በአንቱታ ነበር የምትጠራኝ። እኔም እሷን እንዲሁ። ጀርመን አገር አለቃ ወደ አንቺ የሚወርደው ሲወድ ነው፣ መጀመሪያ የሚጋብዘውም እሱ ነው። አልጋበዘችኝም፤ አልጠየቅኳትም።

ሊያን ያመጣኋት እኔ ነኝ። እናቷ ጥሩወርቅ ፕሮይንገስሃይም ነው የምትኖረው፤ አረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ትሠራለች። ከቅዳሴ ስንወጣ ክንዴን ያዘችኝ።

«ዘነቡዬ፣ እባክሽ ልጄን አንድ ቦታ አስጠጊልኝ። ትምህርቷን ጨርሳ ቤት ቁጭ ብላለች። ክፍሏን ዘግታ ካርቱን ስትሥል ነው የምትውለው።»

«ካርቱን?»

«የጋዜጣ ካርቱን። ትልቅ ሴት ሆና! እኔ እንጃላት።»

ለኬለር ነገርኳት። ሊያ በ2008 ለፕራክቲኩም፣ ማለትም ለሥራ ልምምድ፣ መጣች። በሁለተኛው ሳምንት ወደ ጓዳው ስገባ ኬለርና እሷ ቡና ይዘው ይሳሳቃሉ። ኬለር «አንቺ» ትላታለች። እሷም መልሳ «አንቺ» ትላታለች። ኩባያዬን አጥቤ ወጣሁ።

እኔን ግን ሊያ አንቱ ትለኝ ነበር። «እትዬ ዘነብ፣ እንዴት አደሩ?» ትላለች በተሰባበረ አማርኛ። እናቷ አስተምራታለች። ጀርመንኛዋ እንደ እነሱ ነው። የእኔ ጀርመንኛ ከሠላሳ ዓመት በኋላ እንኳ አፌን ስከፍት «ከየት ነዎት?» ያስብላል።

ልምምዷ ሲያልቅ ኬለር አስቀረቻት፤ ስካነሩ ላይ መደበቻት። ሥራ ላይ አልሰነፈችም። እንዲህ ብዬ መጻፍ አልወድም፣ ግን ከዋሸሁ የቀረውን ማን ያምነኛል።

ፍራው ብራንት በ2010 መኸር ላይ ከሆኽስት መጣች። አሮጊት ናት፣ ብቻዋን በባቡር፣ ቆርቆሮውን በገበያ ዘንቢል አድርጋ። ናይትሬት በባቡር ማምጣት ክልክል ነው። ኬለር ዘንቢሉን ስታይ ፊቷ ነጣ።

«ሕዝቡን በሙሉ ሊያቃጥሉት ነበር እኮ!»

«የእኔ እመቤት፣ ይሄ ከአልጋዬ በላይ ጣሪያ ሥር ስድሳ ዓመት ተቀምጧል። እስካሁን አላቃጠለኝም» አለች ፍራው ብራንት።

አባቷ የሆኽስት ኬሚካል ፋብሪካ ሠራተኛ ነበሩ። በእጅ የሚዞር የፊልም ማሳያ ነበራቸው። ፊልሙ ድምፅ አልባ የካርቱን ፊልም ነው። ድሮ ጋዜጣ ላይ በየሳምንቱ ይወጣ ከነበረ ተከታታይ ሥዕል የተሠራ ነው፦ አንድ ወፍራም ዳቦ ጋጋሪና ያገኘውን ሁሉ የሚበላ ፍየል። ሲናገሩ ንግግራቸው እንደ ጋዜጣው ሥዕል ከአፋቸው በሚወጣ ክብ ውስጥ ይጻፋል። የፍየሉ ክብ ውስጥ ጽሑፍ የለም፤ የበላው ነገር ሥዕል ነው ያለው። ይህን ፊልም የያዘ የፊልም ማኅደር ኬለር ጠይቃ አላገኘችም።

ችግሩ ጥቅሉ በብዙ ቦታ ተቆራርጦ መሆኑ ነው። አንዳንዱ ቁራጭ ተቀጥሏል፣ አንዳንዱ ላላ ብሎ ቆርቆሮው ውስጥ ተቀምጧል። የትኛው ከየትኛው እንደሚቀድም አይታወቅም።

ኬለር ቢሮዋ ጠራችኝ።

«ፍራው ተሰማ፣ ይህን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እርስዎ ይያዙት። መጠገኑንም፣ ቅደም ተከተሉንም። በሚመጣው ዓመት መኸር ላይ በወንዙ ዳር ባለው አዳራሽ ይታያል፤ ለተመልካቹ የሚያስተዋውቁትም እርስዎ ነዎት።»

«ካርዱስ?» አልኳት።

«ቅደም ተከተሉን የወሰነ ሰው ስም ነው የሚጻፈው። እርስዎ ከወሰኑ የእርስዎ ነው።»

የዚያን ቀን ትራም ሳልይዝ በእግሬ ወደ ቤቴ ሄድኩ። ዘነበች ተሰማ የሚለው ነጭ ሆኖ ጥቁር ላይ ሲወጣ ታየኝ። ጥሩወርቅን ከፊተኛው ወንበር ላስቀምጣት አሰብኩ። አስቀምጬ ማየት የፈለግሁት ፊቷን ነበር።

ክረምቱን በሙሉ ማጠንጠኛዬ ላይ አሳለፍኩ። ቀዳዳዎቹ የአይጥ ጥርስ ያገኛቸው ይመስሉ ነበር። በማጉያ መነጽር እያየሁ፣ ከአሮጌ ፊልም ጠርዝ ትንንሽ ቁራጭ እየቆረጥኩ፣ እየለጠፍኩ። መስኮቱ ላይ የአሸዋ ጀልባዎች ሲራገፉ ይታያል፤ ቀና ብዬ የማየው አንገቴ ሲይዘኝ ብቻ ነበር።

ለቅደም ተከተሉ የምተማመንበት ዘዴ ነበረኝ። ጥቅሉ በአንድ ጎኑ ውሃ ገብቶበታል። ውሃ ጥቅል ፊልም ላይ ሲፈስ እድፉ በእያንዳንዱ ዙር አንድ አንድ ጊዜ ይታያል። ከውጪ ዙሩ ሰፊ ስለሆነ እድፎቹ ይራራቃሉ። ወደ ውስጥ ሲገባ ዙሩ ይጠባል፣ እድፎቹም ይቀራረባሉ። ስለዚህ በእያንዳንዱ ቁራጭ ላይ የእድፎቹን ርቀት ለክቶ፣ ከሰፊው ወደ ጠባቡ መደርደር ነው። ይህን ማጠቢያ ቤት እያለሁ ያስተማሩኝ ሰውዬ ሞተዋል። ለሊያም አሳየኋት። እሷ ስለጠየቀችኝ ነው እንጂ በራሴ ተነስቼ አይደለም።

በእኔ አደራደር ፊልሙ የሚጀምረው ፍየሉ የዳቦውን ጋሪ ይዞ በከተማው ሲሮጥና ጋጋሪው ሲያሳድደው ነው። የሚያልቀው ደግሞ ፍየሉ የጋጋሪውን ሽርጥ ሲበላና ጋጋሪው ቁጭ ብሎ እራፊ ሲጥፍበት ነው። ጥሩ መጨረሻ ነው፤ አሁንም ይመስለኛል።

አንድ ቀን ሊያ ከኋላዬ ቆማ ስታይ ቆየች።

«እትዬ ዘነብ፣ እዚህ ጋሪው ጋ ሽርጡ እራፊ አለው።»

«አለው።»

«ፍየሉ የሚበላው ግን ገና በኋላ ነው።»

«ሰዓሊው ረስቶት ነው። ለጋዜጣ እየተጣደፉ የሚሥሉ ሰዎች ናቸው። አንዱ ምስል ላይ ጋጋሪው ጺም አለው፣ ቀጥሎ የለውም። አላየሽም?»

«አይቻለሁ። ግን እራፊው ሁሌም አንድ ቦታ ላይ ነው።»

«ሊያ፣ ሰው ይረሳል። ውሃ አይረሳም። ወደ ስካነርሽ ሂጂ።»

ሄደች። ከዚያ በኋላ ስለ እራፊው አላነሳችም። ምሳ ሰዓት ላይ አለመኖሯን አስተውያለሁ። ቤተ መጻሕፍት እየሄደች አሮጌ ጋዜጣ ታገላብጥ እንደነበር ያወቅሁት ስብሰባው ላይ ነው።

ስብሰባው በጸደይ ሆነ። ፍራው ብራንት ኮፍያ አድርጋ መጣች። እኔ ኮትና ጉርድ ለብሼ ነበር፤ ያን ልብስ ሥራ ቦታ ለብሼው አላውቅም። በእኔ አደራደር የተቀጠለው ፊልም ግድግዳው ላይ ታየ። ፍራው ብራንት ከመጀመሪያው ሳቀች። ሲያልቅ አጨበጨበች። ኬለር ወደ እኔ ዞራ ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች። ይህን ያህል ነበር የእኔ ጊዜ።

ሊያ እጇን አነሳች፤ እንደ ተማሪ።

«ፍራው ብራንት፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ? አባትዎ ይህን ፊልም ለማን ነበር የሚያሳዩት?»

«ለእኛ ነዋ! ለሰፈሩ ልጆች በሙሉ። በየልደቱ።»

«ከየትኛው ነበር የሚጀምረው?»

«ከጋሪው! ሁሌም ከጋሪው። መጀመሪያ እንኳ ጋሪው መጨረሻ ላይ ነበር። እኛ እስከዚያ መቆየት እያቃተን ‹ጋሪው! ጋሪው!› እያልን ስንጮህ አባባ መቀስ አመጣና ቆርጦ ወደ ፊት ቀጠለው። እናቴ ‹ልጆቹን አበላሸሃቸው› ብላ ተቆጣችው።»

ሊያ ከቦርሳዋ ከጋዜጣ የተነሳ ቅጂ አውጥታ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። ያው ጋጋሪ፣ ያው ፍየል። መጀመሪያ ሽርጡ ይበላል፣ ቀጥሎ ይጣፋል፣ መጨረሻ ላይ ጋሪው ይሮጣል። እራፊው እሷ ባለችው ቦታ ላይ ነው።

«ፍራው ተሰማ፣ እርስዎ ምን ይላሉ?» አለች ኬለር።

«እድፉ የሚያሳየው ይህን ነው» አልኩ።

ሊያ ቀስ ብላ ተናገረች፤ ያ ቀስ ማለቷ ነው ያንገበገበኝ። «እድፉ ትክክል ነው። ግን ውሃው የገባው አባታቸው ከቆረጡት በኋላ ነው። ጣሪያ ሥር እንዴት እንደተጠቀለለ ነው የሚነግረን።»

«በጣም ጎበዝ ነሽ አንቺ!» አለቻት ኬለር።

ፍራው ብራንት ደስ ብሏት ወደ እኔ ዞረች። «አየሽ፣ እኔን ብትጠይቂኝ ኖሮ እኮ እነግርሽ ነበር።»

ልክ ናት። አልጠየቅኳትም። በእኛ ሙያ ሰው አይጠየቅም፤ የሚጠየቀው ፊልሙ ነው። እንዲያ ነው የተማርኩት።

ከስብሰባው በኋላ ልብስ መቀየሪያው ውስጥ ሊያን አገኘኋት።

«ለምን መጀመሪያ ለእኔ አልነገርሽኝም?»

«ነግሬዎት ነበር እኮ እትዬ። ስለ እራፊው ጠየቅኩዎት።»

«መጠየቅና መንገር አንድ ነው?»

«ብነግርዎት አይሰሙኝም ብዬ…» አማርኛው አለቀባት፤ በጀርመንኛ ቀጠለች። «አምጥቼ ባሳይዎት ‹ወደ ስካነርሽ ሂጂ› ይሉኝ ነበር። አይሉኝም?»

«እዚህ ቤት በር ያስገባሁሽ እኔ ነኝ።»

«አውቃለሁ። እናቴ በየሳምንቱ ትነግረኛለች።»

ኮቴን አወለቅኩ። ስትወጣ ዓይኗ ቀልቶ ነበር። የእኔ አልቀላም።

ኬለር ቅደም ተከተሉን በሊያ አደራደር አጸደቀች። ቁራጮቹን ፈትቼ እንደገና የቀጠልኳቸው ግን እኔ ነኝ፤ ያን የሚችል ሌላ እጅ በቤቱ አልነበረም። ሊያ አጠገቤ ቆማ «ይሄ ከዚህ በኋላ» ስትለኝ እቀጥላለሁ። ክረምቱን ሙሉ የደረደርኩትን በአፏ እያዘዘች አስፈታችኝ።

መኸር ላይ ፊልሙ ታየ። አዳራሹ ሞልቷል። ሊያ አረንጓዴ ቀሚስ ለብሳ መድረክ ላይ ወጣች። የጋዜጣውን ሥዕል፣ የአባትየውን መቀስ ነገረቻቸው፤ ሰዉ ሳቀ። ስለ እኔም ተናገረች፦ «ያለ ፍራው ተሰማ እጅ ይህ ፊልም ማሽን ውስጥ አይገባም ነበር» አለች። ሰዎች ዞረው ፈለጉኝ። አልተነሳሁም።

ከዚያ ካርዱ መጣ። የሊያ ስም በትልቁ። ከሥሩ በትንሹ «በዘነበች ተሰማ እርዳታ»። እርዳታ! ፊልሙ አንድም ጊዜ ሳይዘል ሄደ። ስንት ቀዳዳ በእጄ እንዳለፈ አንድ ሰው አልገባውም። ደግ ነው፤ ሙያው ይኸው ነው ብያለሁ። ግን ጋሪው መጨረሻ ላይ ሲሮጥና አዳራሹ በሳቅ ሲፈርስ፣ ልክ መሆኗ በዓይኔ ታየኝ። ያን ሳቅ የእኔ መጨረሻ አያመጣውም ነበር። ከዚያን ቀን ጀምሮ ይበልጥ ጠላኋት።

እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ደጅ ጥሩወርቅ አገኘችኝ።

«ዘነቡ! የልጄን ፊልም አየሽው?»

«አየሁት።»

«ስምሽም አለ አይደል? ከሥር?»

«አለ» አልኳት። ባቡሬ ሳይደርስ ደረሰ ብዬ ሄድኩ።

ገና ሲቃረብ ፊልሙን ሌሎች ከተሞች ጠየቁት፤ አዲስ ቅጂ ሊሠራ ሆነ። ሊያ ወደ ጠረጴዛዬ መጣች። ወንበር አልሳበችም።

«እትዬ ዘነብ፣ ካርዱ እንደገና ይሠራል። ከኬለር ጋር ተነጋግሬያለሁ። ‹እርዳታ› የሚለው ይጠፋል። የእርስዎ ስም ከላይ፣ የእኔ ከታች። እኩል ፊደል።»

አየኋት። እውነቷን ነበር። አንድ ቃል ብቻ ነው የቀረኝ፤ እሺ ማለት። የሥራ ዘመኔን በሙሉ የፈለግሁት ነገር ጠረጴዛዬ ላይ መጥቷል። ያመጣችው ግን እሷ ናት። ኬለር ለእኔ ያልሰጠችኝን ለእሷ ሰጥታት፣ እሷ ደግሞ ለእኔ ልታድለኝ ነው። ስሜን ከእጇ መቀበል አልፈለግሁም።

«የእኔን አውጪው» አልኳት።

«ከላይ ነው የምልዎት እኮ።»

«ሰምቻለሁ። ጨርሶ አውጪው።»

«እትዬ፣ እባክዎ። እንዲህ አያድርጉ።»

«አውጪው አልኩሽ።»

ኬለርም ጠርታ ጠየቀችኝ። ለእሷም ያንኑ አልኩ። «እርግጠኛ ነዎት?» አለች። «እርግጠኛ ነኝ» አልኩ። አዲሱ ቅጂ በአንድ ስም ወጣ። አሁንም የሚታየው በዚያ ቅጂ ነው።

ለምትጀምሩ ሁለት ነገር እላለሁ። እድፍ የሚነግራችሁ ፊልሙ እንዴት እንደተቀመጠ ነው፤ እንዴት እንደተሠራ አይነግራችሁም። ቆርቆሮውን ያመጣውን ሰው ጠይቁ።

እኔ ከዚያ በኋላ እስከ 2014 ድረስ እዚያው ጠረጴዛ ላይ ሠራሁ። ሊያ ቀዳዳ መጠገን ልትማር አጠገቤ ተቀመጠች። ሙጫው ምን ያህል እንደሚቀጥን ጠየቀችኝ፤ መለስኩላት። የጠበበ ፊልም ሳይበጠስ እንዴት እንደሚተረተር ጠየቀችኝ፤ መለስኩላት። መጠየቅ እንዳለባት ያላወቀችው ብዙ ነገር ነበር። እሱን አልነገርኳትም። ጡረታ ወጣሁ።